ወደ ዱር ስንወጣ ማን ይቀራል?

እንደሚታወቀው የአካባቢ ትምህርትን በጥቁር ሰሌዳና በጠመኔ ብቻ አስተምሮ መጨረስ አይቻልም። ተማሪው ወንዙን ወንዝ ዳር ቆሞ፣ ዛፉንም ቅርፊቱን ዳስሶ ቢማረው ትምህርቱ እንደሚዘልቅ በማስተማር ዘዴ ክፍለ ጊዜ በተደጋጋሚ ተነግሮናል። እንግዲህ ነገ ተመርቀን በየገጠሩና በየከተማው ስንመደብ፣ አንድ ቀን ተማሪዎቻችንን አሰልፈን ወደ ጫካ ወይም ወደ ተራራ መውጣታችን አይቀርም። በዚያን ዕለት የሚነሣ ጥያቄ አለ። በክፍላችን ዓይነ ስውር ተማሪ ቢኖርስ? መስማት የተሳነው፣ በክራንች የሚሄድ፣ የሚጥል በሽታ ያለበት፣ አስም የሚያፍነው ቢኖርስ? በዚህ የጥናት ጽሑፍ የምንመለከተው ይህንኑ ነው።

የተለመደው መልስ አጭር ነው። «እሱ ይቅር፤ አደጋ ይደርስበታል» ይባላል፣ በቃ። መልሱ ከክፋት የመነጨ አይደለም። አብዛኛውን ጊዜ ርኅራኄና ፍርሃት ተደባልቀው ያመጡት ነው። ነገር ግን ውጤቱ ምን እንደሆነ ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። የማስተማር ልምምድ በወጣንበት በአንድ ትምህርት ቤት፣ እኛ ከመድረሳችን በፊት በነበረው ሳምንት የ5ኛ ክፍል ተማሪዎች ወደ ጫካ ሄደው ነበር። ከጉዞው በኋላ የተጻፈውን ድርሰት እንድናርም ተሰጠን። ሁሉም ስለ ጉሬዛ፣ ስለ ምንጩ፣ ስለ ትልቁ ዝግባ ጽፏል። አንድ የዓይኑ ብርሃን የደከመ ልጅ ግን ስለ ሾፌሩ ራዲዮ ጻፈ። ጠይቀን ስንረዳ፣ «አንተ ጎበዝ ነህ፤ ዕቃ ጠብቅ» ተብሎ ቀኑን ሙሉ አውቶቡሱ ውስጥ መዋሉ ታወቀ። ድርሰቱ ጥሩ ነበር። ራዲዮው ምን ዜና እንዳወራ፣ የትኛው ዘፈን ስንት ጊዜ እንደተደገመ አንድም ሳያስቀር ጽፎታል። ታዲያ ይህን ያህል የሚያዳምጥ ልጅ ጫካው ውስጥ ገብቶ ቢሆን ኖሮ የወፉን ድምፅ ከሁሉም አስበልጦ ይጽፍልን እንደነበር ማን ይጠራጠራል?

ከሕግ አኳያም ቢሆን ነገሩ ግልጽ ነው። አገራችን በ2002 ዓ.ም. ያጸደቀችው የአካል ጉዳተኞች መብቶች ዓለም አቀፍ ስምምነት በ30ኛው አንቀጹ፣ አካል ጉዳተኛ ሕፃናት በጨዋታ፣ በመዝናኛና በስፖርት፣ በትምህርት ቤት የሚደረገውንም ጨምሮ፣ ከሌሎች ሕፃናት እኩል እንዲሳተፉ መንግሥታት እርምጃ እንዲወስዱ ያዛል። ይሁን እንጂ አንቀጽ ጠቅሶ ልጅን ገደል አፋፍ ማቆም ትርጉም የለውም። መብቱም ደኅንነቱም አብረው እንዲሄዱ የሚያደርገው የመምህሩ ዝግጅት ነው። እኛ የምንለውም ይህንኑ ነው። ደኅንነት ልጁን ለማስቀረት የሚቀርብ ምክንያት መሆን የለበትም፤ ከጉዞው በፊት ተቀምጠን የምንሠራው ሥራ ነው።

ከተራራው ጫፍ የተመለሱት

ይህን በተመለከተ በዓለም ላይ የታወቀ አንድ ታሪክ አለ። ኤሪክ ዋይኸንማየር የተባለ አሜሪካዊ በልጅነቱ በያዘው የዓይን በሽታ ሳቢያ ብርሃኑን ያጣ ሰው ነው። እንደ እኛው መምህር ነበር፤ በአሪዞና ግዛት በፊኒክስ ከተማ አስተምሯል። ግንቦት 17 ቀን 1993 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. በ2001) ከፍታው 8,849 ሜትር ከሆነው ከኤቨረስት ተራራ ጫፍ ላይ ሲቆም፣ ያንን ያደረገ የመጀመሪያው ዓይነ ስውር ሆነ። እንዴት ወጣ? ፊት ፊቱ የሚሄደው ጓደኛው ትንሽ ቃጭል ያንጠለጥላል፤ እሱም ድምፁን ይከተላል። በሁለት እጆቹ በያዛቸው ረጃጅም በትሮች መሬቱን እየፈተሸ ይረግጣል። መንገዱ አስቸጋሪ ሲሆን ጓደኛው ከፊቱ ያለውን በቃል ይነግረዋል። እንግዲህ ቃጭል ለኛ አገር እንግዳ ዕቃ አይደለም። ከብቱ ጭጋግ ውስጥ እንዳይጠፋ የምናስርለትን ነገር ለሰው ልጅ መንገድ መሪ ማድረግ እስከ ዛሬ አለማሰባችን ነው የሚገርመው።

ለኛ ለመምህራን ግን ከኤቨረስቱ ይልቅ ቀጥሎ የመጣው ይበልጥ ያስተምራል። በቲቤት ላሳ ከተማ የዓይነ ስውራን ትምህርት ቤት ያቋቋመችው ጀርመናዊቷ ዓይነ ስውር ሳብሪየ ተንበርከን የዋይኸንማየርን ዜና ሰምታ ጻፈችለት። እርሱም ከተራራ ወጪ ጓደኞቹ ጋር ወደ ቲቤት መጣ። እ.ኤ.አ. በ2004 ስድስት ዓይነ ስውራን ወጣቶች ከኤቨረስት አጠገብ የሚገኘውንና ከፍታው 7,000 ሜትር የሚያልፈውን ላክፓ ሪ የተባለውን ተራራ ለመውጣት ተነሡ። ከ6,000 ሜትር በላይ ሲደርሱ ከልጆቹ አንዳንዶቹ ራስ ምታት ያዛቸው፣ የከፍታ ሕመም ጀመራቸው። እዚህ ላይ በመሪዎቹ መካከል ክርክር ተነሣ። ብርቱዎቹን ይዘን ጫፉ ድረስ እንሂድ ወይስ ሁሉም አብሮ ይመለስ? ተንበርከን የጫፉ ነገር እምብዛም አያስጨንቃትም ነበር፤ ልጆቹ አብረው መጓዛቸው ነው ቁም ነገሩ ትል ነበር። በመጨረሻ ጫፉ ሳይደረስ ተመለሱ። ታሪኩ በፊልም ተቀርጾ እ.ኤ.አ. በ2006 ለሕዝብ ቀርቧል።

በኛ አስተያየት ትክክለኛው ውሳኔ ይህ ነበር። አንዳንድ ሰልጣኝ ጓደኞቻችን በውይይት ክበብ ላይ «ታዲያ ካልደረሱ ምን ዋጋ አለው?» ብለው ተከራክረውናል። ነገር ግን መምህር ጉዞ የሚመራው ባንዲራ ለመትከል አይደለም። የት ላይ እንደሚመለስ ከመነሣቱ በፊት ያልወሰነ መሪ፣ ጫፉን ካየ በኋላ ለመመለስ እግሩ እሺ አይለውም። ስለሆነም ሰዓቱንም ቦታውንም አስቀድሞ መወሰን ያስፈልጋል። «ስድስት ሰዓት ሲሆን የትም ብንደርስ እንመለሳለን» ብሎ ለተማሪዎቹ ከመነሣት በፊት መንገር ነው። ያኔ የደከመው ልጅ «በኔ ምክንያት ቀረ» አይባልም።

ከጉዞው በፊት

የመጀመሪያው ሥራ መንገዱን በእግር ሄዶ ማየት ነው። ምሳሌ እንውሰድ። በሰበታ በኩል የሚገባበት የመናገሻ ሱባ ጫካ ጥንታዊ ደን ነው፤ በ15ኛው ክፍለ ዘመን በዐፄ ዘርዓ ያዕቆብ ትእዛዝ ከወፍ ዋሻ በመጣ ዘር ተተከለ እየተባለ ይነገርለታል። ጥዱ፣ ዝግባው፣ ወይራው፣ ከፍ ሲሉም ኮሶው ይገኛል። ሰበታ ደግሞ በዓይነ ስውራን ትምህርት ቤቷ የታወቀች ከተማ ናት፤ ጫካውና ትምህርት ቤቱ ጎረቤት ናቸው ማለት ይቻላል። እዚያ ጫካ ተማሪ ለመውሰድ ያሰበ መምህር ከሳምንት በፊት ሄዶ፣ የት ላይ መንገዱ እንደሚጠብ፣ የት ላይ ሥር እንደሚያደናቅፍ፣ ውሃ የት እንዳለ፣ መኪና እስከ የት እንደሚገባ፣ የቅርቡ ጤና ጣቢያ ስንት ደቂቃ እንደሚያስኬድ፣ የስልክ መስመር የት ላይ እንደሚጠፋ በደብተሩ መያዝ አለበት። የደን ጥበቃ ሠራተኞችንም ያነጋግር። እነርሱ የማያውቁት የለም።

በእግር መሄድ ለማይችል ልጅ ተራራ ዝግ ነው ማለትም ስሕተት ነው። በሰሜን ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ የመኪና መንገዱ ሳንቃበርን አልፎ እስከ ጨነቅ ይዘልቃል፤ ጭላዳ ዝንጀሮ ከመንገዱ ዳር ሣር ሲነጭ ይታያል። በባሌ ከጎባ ወደ ዶሎ መና የሚወስደው መንገድ የሳነቴን አምባ ከ4,000 ሜትር በላይ አቋርጦ ያልፋልና ቀይ ቀበሮን ከመኪና ሳይወርዱ ማየት ይቻላል። ይሁን እንጂ ይህን ያህል ከፍታ የልብ ወይም የሳንባ ሕመም ላለበት ልጅ ሐኪም ሳያማክሩ የሚወጣበት አይደለም። መኪናም በሌለበት በቅሎ አለች። አያቶቻችን አሮጊቶችንና ሕመምተኞችን ወደ ሩቅ ገዳም የወሰዱት በበቅሎ ነው። ባለ በቅሎው ራሱ እየሳበ ይሂድ፤ ልጁም በቅሎ ተቀምጦ የማያውቅ ከሆነ ከአንድ ቀን በፊት በትምህርት ቤቱ ግቢ ይለማመድ።

ሁለተኛው ሥራ ልጁንና ወላጁን ማነጋገር ነው። እናት አብዛኛውን ጊዜ ትፈራለች። «መምህር፣ ከቤት ወጥቶ አያውቅም፤ ቢወድቅብኝስ?» ብትለን፣ «አይዞዎት፣ ምንም አይሆንም» ብሎ ማለፍ ቀላል ነው፤ ግን ባዶ ቃል ነው። ይልቅስ «እትዬ፣ ቤት ሲወድቅ ምን ያደርጉለታል? እሱን ያስተምሩኝ» ማለት ይሻላል። መድኃኒቱን በስንት ሰዓት እንደሚወስድ፣ ምን እንደሚያስደነግጠው፣ ሲደክመው ፊቱ ምን እንደሚመስል ከእርሷ በላይ የሚያውቅ የለም። ልጁንም ራሱን እንጠይቀው። ስለ እርሱ ከሌላ ሰው ጋር እርሱ ባለበት «ይችላል? አይችልም?» እያሉ ማውራት ነውር ነው። ሕመሙንም በሰልፍ ላይ ማወጅ አይገባም፤ አብሮት ለሚሄደው ጓደኛና ለረዳቶቹ፣ እርሱ ከፈቀደ፣ መንገር ይበቃል።

የሚጥል በሽታ

በዚህ ላይ ጥቂት መቆየት እንፈልጋለን፤ ምክንያቱም ከሁሉም ይበልጥ የተሳሳተ ነገር የሚሠራው እዚህ ላይ ነው። የሚጥል በሽታ የአንጎል ሕመም ነው። በአረፋ አይተላለፍም፣ በመንካትም አይተላለፍም። ልጁ ሲወድቅ ሰው ሁሉ ክብሪት ለኩሶ ለማሽተት ይሯሯጣል። ክብሪቱ ፋይዳ የለውም፤ ጭሱ ያፍነዋል፣ እሳቱም ያቃጥለዋል። ማንኪያ ወይም ጣት በጥርሱ መሃል ማስገባትም ጥርስ ይሰብራል፣ ጣትም ይቆርጣል። ምላሱን አይውጠውም። የሚደረገው ቀላል ነው። በዙሪያው ያለውን ድንጋይ እናርቅ፤ ጋቢ ወይም ሹራብ ከራሱ ሥር እናድርግ፤ የአንገቱን ቁልፍ እንፍታ፤ ሰዓት እንይ። እጅና እግሩን ጨምድደን አንያዝ። መንቀጥቀጡ ሲያቆም በጎኑ እናስተኛው። በደንብ እስኪነቃ ድረስ ውሃም ምግብም አንስጠው። ከ5 ደቂቃ ካለፈ ወይም ሳይነቃ እንደገና ከጀመረው ወደ ሕክምና መውሰድ ግዴታ ነው። ሲነቃ ብዙ ዓይን እንዳያይ ሌሎቹን ተማሪዎች ትንሽ ራቅ እናድርግ፤ ልጁ ከሕመሙ ይልቅ የሚያፍረው በዚህ ነው።

ከመውደቁ በፊት ግን ብዙ መሥራት ይቻላል። የእንቅልፍ ማጣት፣ ረሃብና የታለፈ መድኃኒት ሕመሙን ይቀሰቅሳሉ። የጉዞ ቀን ደግሞ ሦስቱም የሚገናኙበት ቀን ነው። ልጁ በደስታ ሌሊቱን ሳይተኛ ያድራል፤ በሌሊት ሲነሣ ቁርስ አይበላም፤ መድኃኒቱ እቤት ይረሳል። ስለዚህ በሌሊት መነሣቱ ቀርቶ ጠዋት በልቶ መነሣት፣ መድኃኒቱንም በተለመደው ሰዓት መዋጡን ማረጋገጥ ግማሹን አደጋ ይቀንሳል። በገደል ጠርዝ፣ በወንዝ ዳርና በእሳት አጠገብ ልጁ በውስጠኛው በኩል ይሂድ፣ ብቻውንም አይሁን። ሕመሙ በመድኃኒት ገና ያልተገታለት ከሆነስ? ያን ጊዜ ገደል ያለበትን መንገድ ትቶ ለክፍሉ ሁሉ ሜዳማውን መንገድ መምረጥ ነው። እርሱን ብቻ አስቀርቶ ገደሉ መሄድ መፍትሔ አይሆንም።

በመንገድ ላይ

ዓይነ ስውርን ስንመራ እጁን አፈፍ አድርገን፣ ወይም በትሩን ይዘን አንጎትት። እርሱ ክንዳችንን ከክርናችን በላይ ይያዝ፤ እኛ ግማሽ እርምጃ እንቅደም። መንገዱ ሲጠብ ክንዳችንን ወደ ጀርባችን እንመልስ፤ ያን ጊዜ ከኋላችን መግባት እንዳለበት ይገባዋል። «ተጠንቀቅ!» ብሎ መጮህ ምንም አይነግረውም፤ ከምን ይጠንቀቅ? «ከቀኝ እግርህ ፊት ጉልበት የሚደርስ ድንጋይ አለ» ማለት ነው የሚጠቅመው። ዛፍ እናስዳስሰው፤ የጥድ ቅርፊት እንደ ክር ሲላጥ፣ ቅጠሉ ሲታሽ የሚሸተውን ሽታ ይለይ። ከማስዳሰሳችን በፊት ግን አካባቢውን እንይ። ሳማ ለዓይነ ስውር እጅ አያዝንም፣ ቀጋና አጋምም እንዲሁ።

መስማት ለተሳነው ልጅ ፊሽካ ዋጋ የለውም። እጅ ወደ ላይ ሲነሣ መቆም፣ ሁለት እጅ ሲነሣ መሰብሰብ ማለት ነው ብሎ ለክፍሉ ሁሉ አንድ ዓይነት ምልክት ማስተማር ጥሩ ነው፤ በነፋስና በፏፏቴ አጠገብ ለሚሰማውም ይጠቅማል። ልጁ ከሰልፉ መጨረሻ አይሁን። ስናነጋግረው ፀሐይ ከኋላችን ከሆነች ፊታችን ይጨልምበታል፣ ከንፈራችንን ማንበብ አይችልም። ጀንበር ስትጠልቅም ምልክት አይታይም፤ ስለዚህ ከመምሸቱ በፊት መመለስ ለእርሱ ከማንም ይበልጥ ያስፈልጋል።

በክራንች ለሚሄድ፣ ዳገት ላይ ጤነኛው እግር ይቀድማል፣ ቁልቁለት ላይ ክራንቹ ይቀድማል። ጭቃ ከሆነ ግን ሌላ ቀን መምረጥ ነው። አልቢኖ ተማሪ ባርኔጣና እጅጌው ረጅም ልብስ ያስፈልገዋል፤ የደጋ ፀሐይ በብርድ ተሸፍኖ ያቃጥላል። አስም ያለበት ልጅ የሚስበውን መድኃኒት አውቶቡስ ላይ በቀረ ቦርሳ ውስጥ ሳይሆን ኪሱ ውስጥ ይያዝ። የአእምሮ ዕድገት ውስንነት ያለበት ልጅም የሚወደውና የሚያምነው አንድ ሰው ከጎኑ ከቆመ፣ የሚጠፋ አይደለም።

አንዳንድ መምህራኖቻችን «ስድሳ ተማሪ የያዘ አንድ መምህር ይህን ሁሉ ከየት አምጥቶ ያደርጋል?» ብለው ጠይቀውናል። ጥያቄው ትክክል ነው። መልሳችንም፣ ስድሳ ልጅ ይዞ ብቻውን ጫካ የሚገባ መምህር ለጤነኛዎቹም አደገኛ ነው የሚል ነው። ጤነኛና ደካማ የሚባለው ልዩነት ተራራ ላይ ብዙ አይቆይም። እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 1971 በስኮትላንድ ካይርንጎርም በተባሉት ተራሮች ላይ ስድስት የኤድንብራ ተማሪዎች ከሁለት ወጣት መሪዎች ጋር የበረዶ ውሽንፍር ያዛቸው። ሁሉም ጤነኛ ልጆች ነበሩ። መጠለያ ሳያገኙ ሁለት ሌሊት ሜዳ ላይ አድረው አምስቱ ተማሪዎችና አንዷ መሪ በብርድ ሞቱ። በኛ አገር ያን የመሰለ በረዶ ባይኖርም በየ1,000 ሜትሩ ከፍታ ሙቀቱ ከ6 እስከ 7 ዲግሪ ይቀንሳል። ልብሱ በዝናብ የራሰ ልጅ 3,000 ሜትር ላይ ነፋስ ሲመታው በአጭር ጊዜ ውስጥ ይንቀጠቀጣል፣ ምላሱ ይተሳሰራል፣ እግሩ ይደናቀፋል። መንቀጥቀጡ ቆሞ ዝም ካለ «ተሻለው» ማለት አይደለም፤ ባሰበት ማለት ነው። እርጥቡን አውልቆ፣ ከነፋስ ከልሎ፣ በደረቅ ጋቢ ጠቅልሎ ወደ ታች ማውረድ ነው። ጋቢው ደረቅ እንዲሆን በፌስታል ታስሮ ይሂድ።

ስለዚህ ወላጆችን፣ የከፍተኛ ክፍል ተማሪዎችን፣ የደን ጥበቃዎችን እንጥራ። ልጆቹን ሁለት ሁለት አድርገን እናጣምር። ጥንዱን ልጆቹ ይምረጡ፤ «አንተ እሱን ያዝ» ተብሎ በግድ የተሰጠ ጓደኛ ከግማሽ መንገድ በኋላ ይሰለቻል። ፍጥነታችን በጣም ቀስ ብሎ በሚሄደው ልጅ ልክ ይሁን፤ እርሱም ከፊት ካለው መሪ ቀጥሎ ይሁን። ከኋላ ከሆነ፣ ሌሎቹ አርፈው ሲነሡ እርሱ ገና ይደርሳል፤ ሳያርፍም ይነሣል። ረዳት ካልተገኘ ጉዞውን እናሳጥር። ከትምህርት ቤቱ ጀርባ ያለው ቁጥቋጦም ወፍ አያጣም። ከመኪና ስንወርድ፣ በየዕረፍቱና ስንሳፈር ቁጥር ይቆጠር፤ ቆጣሪው አንድ ሰው ይሁን።

ስንመለስ ሁሉም ድርሰት ይጻፍ፤ በብሬል የሚጽፍም በብሬል። መምህሩም ለራሱ ይጻፍ። ማን የት ላይ ደከመ፣ የትኛው መንገድ ለክራንች አስቸገረ፣ ቃጭሉ ከስንት ሜትር ይሰማል፣ ባለ በቅሎው ስንት ጠየቀ። ወረቀቱ በትምህርት ቤቱ መዝገብ ቤት ይቀመጥ። በሚቀጥለው ዓመት እኛ ተዛውረን ሌላ መምህር ቢመጣ፣ ያንኑ ልጅ ይዞ ለመውጣት ከእርሱ ይጀምራል።